የምስጋና ቀን ማእድና ጾመ ነቢያት፤ ስኳር ድንችና ፖም በመጋገሪያ



ከአገሯ ርቃ በአሜሪካ ቤተ ሰብ የመሠረተች ክርስቲያን እናት በየዓመቱ ኅዳር በገባ ጊዜ የሚገጥማት አንድ ጭንቀት አለ። ጭንቀቱ ከወጥ ቤት ይጀምራል እንጂ በወጥ ቤት አያልቅም። ልጆቿ ከትምህርት ቤት ሲመለሱ «የምስጋና ቀን ደርሷልና እኛስ ምን እናዘጋጃለን?» እያሉ ይጠይቋታል። ጎረቤትም «ኑ፤ አብረን እንብላ» ብሎ በፍቅር ይጠራታል። በዚያው ሳምንት ግን አብዛኛውን ጊዜ ጾመ ነቢያት ገብቷል። ጥሪውን እንቢ ብትል ጎረቤቷን ታስቀይማለች፤ ሄዳ የቀረበላትን ሁሉ ብትበላ ደግሞ ጾሟን ትሽራለች። በሁለቱ መካከል የቆመች እናት ምን ታድርግ?

በዛሬው ጽሑፋችን ለዚህ ጭንቀት የሚረዳ አንድ መብል እናቀርባለን። ይኸውም ስኳር ድንችና ፖም ከደረቀ ዳቦ ጋር ተደባልቆ በመጋገሪያ የሚበስለው፣ አሜሪካውያን ድሬሲንግ ብለው የሚጠሩት የበዓል ምግብ ነው። ቅቤና እንቁላል፣ የሥጋም መረቅ ሳይገባበት በዘይት ተሠርቶ እጅግ የሚጣፍጥ ስለ ሆነ፣ ጿሚውና የማይጾመው ከአንድ ሳህን እየቆረሱ ሊበሉት ይችላሉ።

ስለ ቀኑ ጥቂት ቃል

ታንክስጊቪንግ የሚባለው የምስጋና ቀን በኖቬምበር ወር በአራተኛው ኀሙስ የሚውል የአሜሪካ ሕዝብ በዓል ነው። ታሪኩ በ1621 እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በፕሊማውዝ የሰፈሩት እንግሊዛውያን ከዋምፓኖአግ ሰዎች ጋር ሆነው ካደረጉት የመከር ግብዣ ጋር ተያይዞ ይነገራል። ብዙ ዘመን እያንዳንዱ ክፍለ ግዛት በወደደው ቀን ሲያከብረው ከኖረ በኋላ፣ ሣራ ጆሴፋ ሄል የተባሉ የሴቶች መጽሔት አዘጋጅ አገሪቱ በሙሉ በአንድ ቀን እንድታከብረው ለብዙ ዓመታት ሲጽፉና ሲያሳስቡ ኖሩ። በ1863 በሴፕቴምበር ወር ለፕሬዚዳንት አብርሃም ሊንከን ደብዳቤ ጻፉ፤ ፕሬዚዳንቱም በኦክቶበር 3 ቀን አዋጁን አወጡ። ቀኑ አራተኛው ኀሙስ እንዲሆን በሕግ የተወሰነው ግን በ1941 ነው። የቤት እመቤቶችን ገጽ የምታዘጋጅ ሴት ብዕር ይህን ያህል ፍሬ ማፍራቱን ስናስብ እኛም በሥራችን እንበረታታለን።

እንግዲህ ቀኑን ከጾማችን ጋር እናስተያየው። ጾመ ነቢያት ኅዳር 15 ቀን ይጀምራል፤ ይህም በአብዛኛው ዓመት ኖቬምበር 24 ቀን ነው። አራተኛው ኀሙስ ከኖቬምበር 22 አይቀድምም፣ ከ28ም አያልፍም። ስለዚህ በ22 ወይም በ23 በዋለ ጊዜ ጾሙ ገና አልገባም፤ የ2023ቱ በዓል በኖቬምበር 23 ቀን ስለ ዋለ እንዲህ ያለ ነበር። በ2024 ግን ኖቬምበር 28 ማለት ኅዳር 19 ቀን 2017 ዓ.ም.፣ በ2025 ኖቬምበር 27 ማለት ኅዳር 18 ቀን 2018 ዓ.ም.፣ በ2026ም ኖቬምበር 26 ማለት ኅዳር 17 ቀን 2019 ዓ.ም. ነው። ሦስቱም ከጾሙ ውስጥ ናቸው። አስተዋይ የቤት እመቤት ገና ከመስከረም ጀምራ ሁለቱን የቀን መቁጠሪያዎች ጎን ለጎን አድርጋ ብትመለከት ቀኑ ሲደርስ አትደናገጥም።

በእኔ ቤት የሆነው

የቀኑ መለዋወጥ ምን ችግር እንደሚያመጣ በእኔ ቤት የሆነውን ልንገራችሁ። በ2012 በዋሽንግተን ዲሲ አጠገብ ስንኖር፣ ከቤታችን ፊት ለፊት የሚኖሩ አንዲት አሜሪካዊት ባልቴት ለምስጋና ቀን ጠሩን። ቀኑ ኖቬምበር 22 ነበር፤ የኅዳር ሚካኤል ማግሥት፣ ጾሙም ገና ያልገባበት ነው። ባለቤቴ፣ የሰባት ዓመት ሴት ልጃችንና ከአገር ቤት የመጡት አማቴ ሆነን ሄድን፤ ተርኪ ከሚባለው ትልቅ ዶሮ ጀምሮ የቀረበውን ሁሉ እያመሰገንን በላን። እመቤቲቱም እጅግ ደስ አላቸው።

በሚቀጥለው ዓመት በ2013 እንደ ገና ጠሩን። በዓሉ በኖቬምበር 28 ስለ ዋለ ጾም ከገባ አምስተኛ ቀናችን ነበር። እኔም «የሚበላ አንዳች አይጠፋም» ብዬ ሳልጠይቅና ሳላስረዳ ቤተ ሰቤን ይዤ ሄድኩ። ጥፋቱ የእኔ ነው። ማእዱ ሞልቶ ተርፏል፤ ነገር ግን ድንቹ በቅቤና በወተት የተፈጨ፣ ፎሶሊያው በክሬም የተቀቀለ፣ ዳቦው ቅቤ የተቀባ ነበር። እመቤቲቱ ሳህናችን ባዶ መሆኑን አይተው ፊታቸው ተለወጠ፤ ድምፃቸውንም ዝቅ አድርገው «አምና የበላችሁት ዘንድሮ ምን ሆነ? አልጣፈጠም ይሆን?» አሉኝ። አምና ሥጋ ስንበላ ያዩን ሴት በዚህ ዓመት የማንበላበትን ምክንያት ለማስረዳት የሁለት ቀን መቁጠሪያ ትምህርት ያስፈልግ ነበርና፣ አንደበቴ ተሳሰረ።

አማቴ ከማእዱ ላይ ስኳር ድንች መሆኑን ያወቁትን ብቻ ጥቂት አነሡ። በላዩ ነጭና ለስላሳ አረፋ የመሰለ ነገር ነበረበት፤ ስኳር መስሏቸው በሉት። እኔም አላወቅሁም። በኋላ በገበያ ቤት ማርሽማሎ የሚባለውን ያንን ነጭ ጣፋጭ አግኝቼ ማሸጊያውን ባነበው ጄላቲን አለበት። ጄላቲን ከእንስሳት ቆዳና አጥንት የሚወጣ ነው፤ ብዙ ጊዜም ከአሳማ ይሠራል። ለአማቴ ብነግራቸው ዝም ብለው ቆዩና ነገሩን ለንስሐ አባታቸው ተናገሩ። እኔም ከዚያ ወዲህ የታሸገ ምግብ ሳላነብ ገዝቼ አላውቅም።

ከሁሉ ይልቅ ልቤን የነካኝ ግን የልጄ ነገር ነው። ማታ ወደ ቤት ስንመለስ እጄን ይዛ «እማዬ፣ እኛ ለምን እንደ ሰው አንበላም?» አለችኝ። ይህ የሕፃን ጥያቄ ነው ብሎ ማለፍ አይገባም። ልጅ ጾምን የሚያውቀው በመጀመሪያ በማእድ ነው። ጾም ማለት ሌላው ሲደሰት አንገት ደፍቶ መቀመጥ ከመሰለው፣ ባደገ ጊዜ የሚጥለው ይህንኑ አንገት መድፋት ነው።

በ2014 ጥሪው ሲደርሰን እኔ ሽሮ በትንሽ ዕቃ ቋጥሬ ለመሄድ አስቤ ነበር። አማቴ ግን «ለራስ ቋጥሮ ሄዶ በሰው ማእድ ላይ ለብቻ መብላት ነውር ነው። የምንወስደው ለቤቱ ሰው ሁሉ የሚበቃ፣ እነርሱም የሚያውቁትና የሚወዱት ይሁን» አሉኝ። እነሆ፣ የዚህ ጽሑፍ ምክር ሁሉ በዚህ በአማቴ ቃል ውስጥ ይገኛል። የአገሩን ሠርዶ በአገሩ በሬ እንዲሉ፣ የአገሩን በዓል በአገሩ ምግብ፣ ነገር ግን በእኛ ጾም ሥርዓት አዘጋጅተን ለመሄድ ቈረጥን።

ድሬሲንግ ምንድር ነው?

አሜሪካውያን የደረቀ ዳቦ ከሽንኩርትና ከቅጠላ ቅጠል ጋር ደባልቀው በተርኪው ሆድ ውስጥ ሲሞሉት ስተፊንግ ይሉታል። ይኸው ድብልቅ ከዶሮው ተለይቶ በትሪ ሲጋገር በብዙ ስፍራ፣ ይልቁንም በደቡብ ክፍለ ግዛቶች፣ ድሬሲንግ ይባላል። ለብቻው መጋገሩ ሁለት ጥቅም አለው። አንደኛ፣ በዶሮ ሆድ ውስጥ የገባ ድብልቅ መካከሉ 74 ዲግሪ ሴንቲግሬድ፣ በእነርሱ አቆጣጠር 165 ፋራናይት፣ ካልደረሰ በሽታ ያመጣል፤ በትሪ ሲጋገር ግን እስከ መካከሉ በቀላሉ ይበስላል። ሁለተኛ፣ የሥጋ ጭማቂ አይነካውምና ለጿሚ ይመቻል።

ስኳር ድንች ስሙ ድንች ቢባልም ከተራው ድንች ጋር የቅርብ ዝምድና የለውም፤ የወገኑ መገኛ መካከለኛውና ደቡብ አሜሪካ ነው። በአገራችን በወላይታ፣ በሲዳማና በሐረርጌ በብዛት ይበቅላል፤ እዚያ የለመድነው አብዛኛው ውስጡ ነጭ ነው። በአሜሪካ ገበያ የሚበዛው ውስጡ ብርቱካን የመሰለው ሲሆን፣ ሰውነታችን ወደ ቫይታሚን ኤ የሚለውጠው ቤታ ካሮቲን የሚባለው ነገር በብዛት ስላለበት ለልጆች ዓይን የተስማማ ነው። አንዳንድ ነጋዴ ይህንኑ ያም የሚል ስም ይለጥፍበታል፤ እውነተኛው ያም ግን በደቡብ አገራችን ቦዬ የምንለው ሌላ ተክል ነው። ስለዚህ ስሙን ሳይሆን መልኩን አይታችሁ ግዙ። ጥሬውን በማቀዝቀዣ አታስቀምጡት፤ ብርድ መካከሉን ያጠነክረዋልና ቀዝቀዝ ባለ ደረቅ ስፍራ ይቀመጥ።

ፖም ደግሞ ኮምጠጥና ጠንከር ያለው ይመረጣል። ግራኒ ስሚዝ የሚባለው አረንጓዴ ፖም በሙቀት አይፈርስም፤ ኮምጣጣነቱም የስኳር ድንቹን ጣፋጭነት ያስተካክላል። በአገር ቤት ያላችሁ በጋሞ ደጋ በጨንቻ ከሚመረተው ፖም ኮምጠጥ ያለውን መምረጥ ትችላላችሁ።

ከገበያ ስትገዙ የምትጠነቀቁባቸው

በታሸገ ነገር ሁሉ ላይ የተጻፈውን አንብቡ። ዳቦ በውኃ፣ በዱቄት፣ በእርሾና በጨው ብቻ የተጋገረው ይሻላል፤ ብዙው የታሸገ ዳቦ ወተት ወይም ቅቤ፣ ብሪዮሽና ሃላ የሚባሉትም እንቁላል አለባቸው። የበቆሎ ዳቦም ብዙ ጊዜ በወተትና በእንቁላል ይሠራል። ዌይ እና ኬዚን የሚሉ ቃላት ከወተት የወጣ ነገርን ያመለክታሉ፤ በአንዳንድ ማርጋሪንም ውስጥ ይገኛሉ። ተዘጋጅቶ በካርቶን የሚሸጥ የስተፊንግ ዳቦ ብዙ ጊዜ የዶሮ መረቅ ወይም የዶሮ ስብ ይጨመርበታልና ተዉት። ማርሽማሎን ነገር ከላይ ተናግረናል።

ለ10 ሰው የሚያስፈልግ

ስኳር ድንች 1 ኪሎ፣ ማለት መካከለኛ 4 ፍሬ፤
ኮምጣጣ ፖም 3 ትልልቅ ፍሬ፤
የጾም ዳቦ 450 ግራም፤
ቀይ ሽንኩርት 2 ትልልቅ ራስ፤
ሴለሪ 3 ዘንግ፤
ነጭ ሽንኩርት 3 ፍንካች፤
ዘይት ግማሽ ኩባያ፣ ማለት 8 የሾርባ ማንኪያ፤
የተወቀጠ ተልባ 2 የሾርባ ማንኪያ፤
የአትክልት መረቅ 600 ሚሊ ሊትር ያህል፤
ዘቢብ ግማሽ ኩባያ፤
የሎሚ ጭማቂ 1 የሾርባ ማንኪያ፤
ደረቅ ጦስኝ 1 የሻይ ማንኪያ፤
ጨው 2 የሻይ ማንኪያ፣ ቁንዶ በርበሬ ግማሽ የሻይ ማንኪያ፣ ቀረፋ ሩብ የሻይ ማንኪያ።

አሜሪካውያን በዚህ ምግብ ሴጅ የሚባል ቅጠል ያገባሉ፤ ካገኛችሁ 1 የሻይ ማንኪያ ጨምሩበት፣ ካጣችሁ ጦስኙ ብቻ ይበቃል። የተከተፈ ዋልነት ቢጨመር ይጣፍጣል፤ ነገር ግን እንዲህ ያለ ፍሬ የማይስማማው ሰው በቤቱ እንዳለ አስቀድማችሁ ጠይቁ።

አዘገጃጀቱ

በዋዜማው ዳቦው በጣት ስፋት ያህል፣ ማለት 2 ሴንቲ ሜትር፣ አራት ማዕዘን እየሆነ ይቈረጥና በሰፊ ትሪ ተዘርግቶ ያድራል። ጊዜ ካጠረ በ150 ዲግሪ፣ በፋራናይት 300፣ በመጋገሪያ ውስጥ ከ20 እስከ 25 ደቂቃ ይደርቃል። ዳቦው በደንብ መድረቅ አለበት፤ እርጥብ ዳቦ መረቁን መጥጦ መያዝ አይችልምና ይላቁጣል።

መረቁን ለማዘጋጀት የሽንኩርትና የሴለሪ ቁርጥራጭ፣ 2 ካሮትና ጥቂት ጨው በ1 ሊትር ተኩል ውኃ ለ45 ደቂቃ ቀስ ብሎ ይፈላና ይጠለላል። ይህም በዋዜማው ሊሠራ ይችላል።

በበዓሉ ቀን ስኳር ድንቹ ተልጦ እንደ ዳቦው መጠን ይከተፋል። በ2 ማንኪያ ዘይትና በግማሽ የሻይ ማንኪያ ጨው ከታሸ በኋላ፣ በትሪ ላይ ሳይደራረብ ተዘርግቶ በ200 ዲግሪ፣ በፋራናይት 400 ያህል፣ ለ25 ደቂቃ ይጠበሳል። ሹካ በቀላሉ ሲገባበት ነገር ግን ሳይፈርስ ይወጣል።

እዚህ ላይ የእኔን ስሕተት እንዳትደግሙ አደራ እላለሁ። በ2014 ከበዓሉ በፊት በነበረው እሑድ ስሞክረው፣ ስኳር ድንቹን እንደ ተራ ድንች በውኃ ቀቅዬው ነበር። ውኃውን ጠጥቶ ስለ ነበር ከዳቦው ጋር ሲደባለቅ ሁሉም አንድ ሆኖ ገንፎ መሰለ፤ ባለቤቴም እየሳቀ «መካከሉን ጎድጎድ አድርጊና በርበሬና ዘይት ጨምሪበት» አለኝ። በመጋገሪያ ሲጠበስ ግን ውኃው ይቀንሳል። ሙቀቱም የስኳር ድንቹን ስታርች ወደ ስኳር ይለውጠዋልና፣ ማርና ስኳር ሳይጨመርበት ይጣፍጣል።

ስኳር ድንቹ ሲጠበስ፣ ቀይ ሽንኩርቱና ሴለሪው ደቀቅ ብሎ ተከትፎ በ5 ማንኪያ ዘይት በመካከለኛ እሳት ለ10 ደቂቃ ያህል ይቁላላል። ለወጥ እንደምናደርገው መልኩ እስኪጠቁር አይቈይም፤ ለስልሶ መዓዛው ሲወጣ ይበቃል። ቀጥሎ ነጭ ሽንኩርቱ፣ ጦስኙ፣ ቁንዶ በርበሬውና ቀረፋው ይገቡና ለአንድ ደቂቃ ይማሰላሉ። ፖሙ ከነልጣጩ ተከትፎ፣ ፍሬው ወጥቶለትና በሎሚ ጭማቂ ታሽቶ ይጨመራል፤ ከ3 ደቂቃ በላይ ግን እሳት አያይ፤ የቀረውን ብስለት በመጋገሪያ ያገኛል።

አሜሪካውያን ድብልቁን የሚያያይዙት በእንቁላል ነው። እኛ ግን ከእናቶቻችን የወረስነው ተልባ አለን። 2 የሾርባ ማንኪያ የተወቀጠ ተልባ ከ6 የሾርባ ማንኪያ ውኃ ጋር ተመትቶ 10 ደቂቃ ሲቈይ እንደ እንቁላል ነጭ ይለጠልጣል፤ የ2 እንቁላልን ሥራም ይሠራል። በጾም ለመጠጥና ለፍትፍት የለመድነው እህል በባዕድ ምግብ ውስጥ ይህን ያህል መጥቀሙ ያስደስታል።

በመጨረሻ ዳቦው፣ ስኳር ድንቹ፣ የሽንኩርቱና የፖሙ ቁሌት፣ ዘቢቡ፣ ተልባውና የቀረው ጨው በሰፊ ዕቃ ቀስ ተብሎ ይደባለቃል። ሞቅ ያለው መረቅ በአንድ ጊዜ ሳይሆን ጥቂት በጥቂት ይፈስበታል። ልኩን ለማወቅ ከድብልቁ ጥቂት በእጅ ተጨብጦ ይታያል፤ ተያይዞ ከቀረና በጣት መካከል ውኃ ካላንጠባጠበ በቅቷል። ከዳቦ ዳቦ ልዩነት ስላለ መረቁ ቢተርፍ አትጨነቁ።

23 በ33 ሴንቲ ሜትር የሆነ ትሪ በቀረው 1 ማንኪያ ዘይት ይቀባና ድብልቁ ይገባበታል። በፎይል ተሸፍኖ በ190 ዲግሪ፣ በፋራናይት 375፣ ለ30 ደቂቃ ይጋገራል። ከዚያ ሽፋኑ ተነሥቶ ላዩ ወርቅማ እስኪመስልና ጠርዙ ኰርሸም እስኪል ድረስ ሌላ 20 ደቂቃ ይቈያል። ሲወጣ 10 ደቂቃ ካረፈ በኋላ ይቀርባል።

መጋገሪያ የሌላት እኅት ድፎ ዳቦ እንደሚጋገረው አድርጋ፣ በብረት ድስት ከታች መጠነኛ ፍም፣ ከክዳኑም ላይ ፍም አድርጋ ልታበስለው ትችላለች፤ ብቻ ከታች እንዳያርር እሳቱን ታሳንሰው።

ከቤት ወደ ጎረቤት ሲወሰድ በፎይልና በወፍራም ጨርቅ ተጠቅልሎ በትኩሱ ይሂድ። የተረፈው በሁለት ሰዓት ጊዜ ውስጥ በማቀዝቀዣ ይግባ፤ ከ3 እስከ 4 ቀን ይቈያል፤ ሲበላም መካከሉ በደንብ እስኪሞቅ ድረስ ይሙቅ።

በማእዱ ላይ

እኅቶቼ ሆይ፣ ምግቡን ማሳመር ብቻውን አይበቃም። ከበዓሉ አንድ ሳምንት አስቀድማችሁ ለጋባዡ በግልጽ ንገሩ። ነገሩን ማርዘም አያስፈልግም፤ «በዚህ ወቅት ሥጋ፣ ወተት፣ ቅቤና እንቁላል አንበላም፤ በደስታ እንመጣለን፣ ለሁሉም የሚሆን አንድ ትሪ ይዘን እንመጣለን» ብትሉ ይበቃል። ሰው የሚያዝነው ባለማወቅ ነው እንጂ ነገሩን አስቀድሞ ካወቀ አያዝንም። የምስጋና ቀን ማእድ ብዙ ጊዜ ከቀትር በኋላ ስለሚቀርብ፣ እስከ ዘጠኝ ሰዓት ለሚጾመውም ሰው አያስቸግርም። ለምግባችሁ የራሱ ማንኪያ ይደረግለት፤ ከሌላው ሳህን የገባ ማንኪያ እንዳይገባበት በፈገግታ ጠይቁ።

በ2014 እኔ እንዲሁ አደረግሁ። ከበዓሉ በፊት ሄጄ ለጎረቤታችን ያለፈውን ዓመት ነገር ሁሉ ገለጥኩላቸው። እርሳቸውም ዓመቱን ሙሉ «ምን አስቀይሜአቸው ይሆን?» እያሉ ሲያስቡ መኖራቸውን ነገሩኝ። ይህን ስሰማ እጅግ አፈርኩ። ጾማችንን በዝምታ የጠበቅን መስሎን የአንዲት ባልቴት ልብ ዓመት ሙሉ ስናሳዝን ኖረን ነበርና።

በበዓሉ ቀን ትሪያችን በማእዱ መካከል ተቀመጠ። ከተርኪው ጋር የሚበላው ለራሱ ወሰደ፣ እኛም ለራሳችን ወሰድን። እመቤቲቱ ፎሶሊያውን ከፍለው ለእኛ በወይራ ዘይት ሠርተው ጠበቁን። ያለ እንቁላል እንዴት እንደ ተያያዘ ሲጠይቁኝ፣ መልሱን ቀድማ የሰጠችው ልጄ ነበረች። ተልባ በእጇ ስትመታ የዋለችው እርሷ ስለ ሆነች «እኔ ነኝ የሠራሁት» ብላ ለአንድ ጠረጴዛ ሰው ሁሉ ታስረዳ ጀመር። ስለ ጾሙም ሲጠይቋት፣ ነቢያት የክርስቶስን መምጣት በተስፋ እንደ ጠበቁ፣ እኛም ልደቱን በጾም እንደምንጠብቅ በልጅ አንደበቷ ተናገረች። በዚያ ማታ እንደ ሰው ስለ መብላት የጠየቀችኝ ነገር አልነበረም።

ስለዚህ ለልጆቻችሁ በዚህ ሥራ ድርሻ ስጧቸው። ትንሹ ዳቦውን ይቈራርስ፣ ከፍ ያለችው ተልባውን ትምታ፣ ማንበብ የሚችለው በገበያ የማሸጊያውን ጽሑፍ ያንብብ። ጾሙን በእጁ ያዘጋጀ ልጅ በሰው ፊት አያፍርበትም።

በዓሉ ከጾሙ ቀድሞ በሚውልበትም ዓመት እኛ ይህን ትሪ በዘይት እንደ ሠራነው እንሠራዋለን። በ2018፣ ቀኑ ኖቬምበር 22 በነበረ ጊዜ፣ «ዘንድሮ ቅቤ ላግባበትን?» ብዬ አማቴን ጠየቅኋቸው። እርሳቸውም «የለመዱትን ምን ብለሽ ትለውጪባቸዋለሽ?» አሉኝ። እውነትም ጎረቤታችን ትሪውን ሲቀበሉ መጀመሪያ የጠየቁኝ «ተልባው አለበት?» ብለው ነው።

ጾሙን የበረከት ያድርግልን፤ ለብርሃነ ልደቱም በሰላም ያድርሰን።